ማሕሌት የፊልም ማጀቢያ አይደለም፦ ቅዱስ ዜማን ስለመዘገብ ከአያቴ የተማርኩት

መግቢያ

ይህ ጽሑፍ የተጻፈው ከሠራሁት አንድ ስህተት በመነሳት ነው። ስህተቱ የእኔ ስለሆነ ማንንም አልወቅስበትም። ነገር ግን ነገ እናንተም ማይክራፎን ይዛችሁ ወደ ቤተ ክርስቲያን፣ ወደ መስጊድ ወይም ወደ መልካ መውረዳችሁ አይቀርምና ቢጠቅማችሁ ብዬ ነው።

ነገሩ የጀመረው ከፊልም ነው። የአንደኛ ዓመት ተማሪ ሳለሁ ከዶርም ጓደኞቼ ጋር «የቀለበቶቹ ጌታ» የተባለውን ባለ ሦስት ክፍል ፊልም ሦስት ሌሊት ሙሉ አየነው። ፊልሙ እ.ኤ.አ. ከ2001 እስከ 2003 የወጣ ሲሆን የተሠራው እንግሊዛዊው የቋንቋ ምሁር ቶልኪን እ.ኤ.አ. በ1954 እና 1955 ካሳተመው መጽሐፍ ነው። ቶልኪን ያልነበረ ዓለም ፈጠረ። ለዚያ ዓለም ሕዝቦችም ከነሰዋስዋቸው ቋንቋዎችን ፈጠረላቸው። የፊልሙ የሙዚቃ ደራሲ ሃዋርድ ሾር ደግሞ በእነዚያ ቋንቋዎች የሚዘምር መዘምራን አቆመ። ከተራራው ሥር ባለው ዋሻ ውስጥ ወንዶቹ በጎርናና ድምፅ ሲያዜሙ አንዲት ቃል አይገባህም፣ ጸጉርህ ግን ይቆማል። ያልነበረ ሕዝብ፣ ያልነበረ ቋንቋ፣ ያልነበረ ጸሎት! እኔም በልቤ «ለካ የተቀደሰ ነገር ለመፍጠር ድምፁ ብቻ ይበቃል» አልኩ።

አልዋሽም፣ ይህችን ሐሳብ ይዤ ነው ወደ ሁለተኛ ዓመት የገባሁት። ጉድ ያፈላችብኝም እሷው ናት።

1. ስህተቱ እንዴት ተፈጠረ?

በሬዲዮ ትምህርት አራት ደቂቃ የሚፈጅ ፊቸር እንድንሠራ ታዘዝን። በፊቸሩ ውስጥ ከቦታው የተቀዳ የተፈጥሮ ድምፅ መኖር ነበረበት። ጓደኞቼ ወደ ገበያና ወደ መናኸሪያ ሲሮጡ እኔ የኅዳር ጽዮንን ማሕሌት መረጥኩ። እንደሚታወቀው በንጉሡ ዘመን «ሀገረ ሕይወት» ትባል የነበረችው ከተማችን አምቦ ከአዲስ አበባ በስተምዕራብ ከመቶ ኪሎ ሜትር በላይ ርቃ ትገኛለች። በፍል ውኃዋና በጠርሙስ በሚታሸገው የማዕድን ውኃዋ አገር ያውቃታል። ኅዳር ላይ ሌሊቷ ብርድ ነው። ጋቢ ተከናንቤ፣ ሞባይሌን ቻርጅ አድርጌ፣ ከከተማው አብያተ ክርስቲያናት ወደ አንዱ ሄድኩ። ከሌሊቱ ስምንት ሰዓት ጀምሮ አንድ ሰዓት ያህል ቀዳሁ።

ከቀዳሁት ውስጥ የተጠቀምኩት አርባ ሰከንድ ብቻ ነው። ከበሮው ደመቅ ካለበት ቦታ ቆርጬ አወጣሁና መግቢያ አደረግኩት። ከዚያ ድምፁን ቀስ በቀስ እያሳነስኩ በላዩ ላይ «መነኮሳቱ በጥንታዊ ሙዚቃ እየጨፈሩ ሌሊቱን ያነጋሉ» ብዬ አነበብኩ። ክፍል ውስጥ ሲሰማ ተጨበጨበልኝ። «ድባቡ ልክ እንደ ፊልም ነው» ያለኝም ጓደኛ ነበር። ደስ አለኝ።

ቅዳሜ ጉደር ወረድኩና ለአያቴ አሰማኋት። አያቴን ቤተሰቡ በሙሉ «አኮ» ነው የሚላት። አፏን የፈታችው በኦሮምኛ ነው፣ አማርኛ ትሰማለች፣ ግዕዝ ግን አታውቅም። ቤተ ክርስቲያን መሄድ ግን ከልጅነቷ ጀምሮ አላቋረጠችም። ሞባይሌን ጆሮዋ ሥር ያዝኩላት። አርባው ሰከንድ አለቀ። የእኔ ድምፅ ሲገባ ፊቷ ተቀየረ።

«ኢልማ ኮ፣ ለምን አቋረጥካቸው?» አለችኝ።

«ጊዜው አልበቃ ብሎ ነው አኮ።»

«ገና እኮ አላጨበጨቡም። ቆመው ነው የተውካቸው።»

ከዚያ ምንም አልጨመረችም፣ ቡናዋን መቁላቷን ቀጠለች። እኔ ግን ዝም ብዬ ቀረሁ። ግዕዝ የማትሰማ አሮጊት ዜማው የት እንደደረሰና ምን እንደቀረው በከበሮው ብቻ ታውቃለች። ጋዜጠኛ ልሆን የምማረው እኔ አላውቅም።

2. ለመሆኑ ማሕሌት ምንድን ነው?

በማግስቱ አምቦ ተመልሼ ወደዚያው ቤተ ክርስቲያን ሄድኩና የማሕሌቱን መሪጌታ አገኘኋቸው። ስህተቴን ነገርኳቸው። ሳቁና «ና ተቀመጥ ልጄ። ያልገባው ሰው የገባው መስሎ ካልተናገረ አይማርም» አሉኝ። ለአራት ከሰዓት በኋላዎች እየተመላለስኩ ከየኔታ ተማርኩ፣ ከላይብረሪም አነበብኩ። የሚከተለው ከሁለቱ የተሰበሰበ ነው።

በመጀመሪያ፣ የሚዘምሩት መነኮሳት አልነበሩም። ደብተራዎች፣ መሪጌቶችና ዲያቆናት ናቸው፤ አብዛኞቹ ሚስትና ልጆች ያሏቸው፣ አንዳንዶቹም የሚያርሱ። ነጭ ልብስና ነጭ ጥምጥም ያየሁትን ሁሉ መነኩሴ አደረግኩት። አንድ ሰው ብጠይቅ ኖሮ ይህ ስህተት አይመጣም ነበር።

ሁለተኛ፣ ጭፈራ አይደለም። መዘምራኑ በቀኝና በግራ ሁለት ረድፍ ሆነው ይቆማሉ። አንዱ ወገን ይመራል፣ ሌላው ይቀበላል። በቀኝ በኩል ቀኝ ጌታ፣ በግራ በኩል ግራ ጌታ አለ። መሪጌታው ሥርዓቱን ይመራል። በእጃቸው መቋሚያና ጸናጽል ይይዛሉ፣ በመካከል ከበሮ አለ። ለእያንዳንዱ ዕቃ ትርጉም ተሰጥቶታል። የከበሮው ሰፊ አፍ የመለኮት፣ ጠባቡ የትስብእት ምሳሌ ነው ይባላል። በላዩ የተጠላለፈው ጠፍር ጌታ የተገረፈበትን ያስታውሳል። የጸናጽሉ ግራና ቀኝ ብሉይና ሐዲስ ኪዳን ሲሆኑ አግድም ያሉት ዘንጎች የያዕቆብ መሰላል ናቸው።

ሦስተኛውና አያቴ የያዘችብኝ ነጥብ ይህ ነው፤ ማሕሌት ደረጃ አለው። አንድ ቃል ሙሉውን ሥርዓት ጠብቆ ሲቆም እንዲህ ይጓዛል፦

ሀ. ቁም ዜማ። ያለ ምንም መሣሪያ፣ በድምፅ ብቻ፣ ረጋ ብሎ ይባላል። ቃሉ ጥርት ብሎ የሚሰማው እዚህ ላይ ነው።

ለ. ዝማሜ። ያው ቃል ተመልሶ ይባላል፤ አሁን ግን መቋሚያ እየተወዛወዘ። ሰውነት መነቃነቅ ይጀምራል።

ሐ. መረግድ። ከበሮና ጸናጽል ይገባሉ። መጀመሪያ ንኡስ መረግድ፣ ቀጥሎ ዐቢይ መረግድ ይሆናል።

መ. ጽፋት። ከበሮው ይፈጥናል፣ ጭብጨባ ይጨመራል፣ ምእመናንም ይቀላቀላሉ፣ እልልታው ይቀልጣል።

ልብ በሉ፤ ቃሉ ያው ነው! የሚለወጠው አባባሉ ነው። አንድ ዓረፍተ ነገር መጀመሪያ በጆሮ፣ ቀጥሎ በእጅ፣ በመጨረሻም በመላ ሰውነት ይነበባል ማለት ይቻላል። አያቴ ግዕዝ ሳትሰማ የምትከታተለው በዚህ ምክንያት ነው። ቃሉ ቢያመልጣትም መንገዱን ታውቀዋለች። እኔ የቆረጥኩት መረግዱ ላይ ነበር። ጽፋቱ አልደረሰም። ለእሷ ያ ማለት ቅስቀሳ ሰምቶ ዜናውን እንደመከልከል ነው፤ ይባስ ብሎ በጸሎት መካከል ሰው ገብቶ እንደመናገር ነው።

3. ዜማው ከየት መጣ?

በቤተ ክርስቲያን ትውፊት የዜማው አባት በ6ኛው ክፍለ ዘመን በአክሱም የኖረው ቅዱስ ያሬድ ነው። ልጅ ሳለ ትምህርት አልገባው ብሎ መምህሩ ስለመታው ሸሽቶ ዛፍ ሥር ተቀመጠ። አንድ ትል ዛፉን ለመውጣት ስድስት ጊዜ ወድቃ በሰባተኛው ስትወጣ አይቶ ተመለሰ ይባላል። (ለእኔ ቢጤው አርፋጅ ተማሪ ጥሩ ታሪክ ነው።) በዐፄ ገብረ መስቀል ፊት ሲያዜም ንጉሡ በተመስጦ ሳያውቁት በጦራቸው እግሩን ወጉት፣ እርሱም እስኪጨርስ አልተሰማውም ሲባልም ከልጅነታችን ጀምሮ ሰምተናል።

የኔታ ይህን ሲተርኩልኝ «አየህ፣ ንጉሡ እንኳ አላቋረጡትም» አሉኝ። መልእክቱ ለማን እንደሆነ ገባኝ።

በስሙ አምስት የዜማ መጻሕፍት ይታወቃሉ፤ ድጓ፣ ጾመ ድጓ፣ ምዕራፍ፣ ዝማሬና መዋሥእት። ዜማውም ሦስት ዓይነት ነው፤ ግዕዝ፣ ዕዝልና አራራይ። ሊቃውንቱ ሦስቱን በአብ፣ በወልድና በመንፈስ ቅዱስ ይመስሏቸዋል።

ለብዙ ዘመን ዜማው በቃል ብቻ ሲተላለፍ ኖረ። በ16ኛው ክፍለ ዘመን፣ በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን (እ.ኤ.አ. 1540–1559) አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል የተባሉ ሊቃውንት በምልክት እንዲጻፍ እንዳደረጉ ይነገራል። ዘመኑ የኢማም አሕመድ ጦርነት ያበቃበት ነው፤ ብዙ መጻሕፍትና ብዙ ሊቃውንት ጠፍተው ነበር። በቃል የተያዘ ነገር ያዢው ሲሞት አብሮ እንደሚሞት የታየበት ጊዜ ነው ማለት ነው።

የምልክቱ አሠራር ለእኛ ለጋዜጠኞች እጅግ የሚገርም ነው። ከጽሑፉ መስመር በላይ ሁለት ዓይነት ምልክት ይጻፋል። አንደኛው ዓይነት ድፋት፣ ቅናት፣ ይዘት፣ ቁርጥ፣ ጭረት፣ ርክርክ፣ ሂደትና የመሳሰሉት ናቸው። ድምፅ የት እንደሚወርድ፣ የት እንደሚያዝ፣ የት እንደሚቆረጥ ይናገራሉ። በትርጓሜ ደግሞ ከሕማማት ጋር ይያያዛሉ፤ ይዘት መያዙን፣ ጭረት የግርፋቱን ሰንበር፣ ርክርክ የደሙን መንጠባጠብ ያሳስባል። ሁለተኛው ዓይነት ትንንሽ ፊደላት ናቸው። እነዚህ ፊደላት ከሌላ የታወቀ ዜማ ቃል የተቀነሱ ሲሆኑ «ይህን ቃል እንደዚያኛው በለው» ብለው ያመለክታሉ። በመቶዎች ይቆጠራሉ። ስለዚህ ምልክቱ ብቻውን ምንም አይነግርህም። ዜማውን አስቀድሞ በቃሉ ለያዘ ሰው ነው የሚያስታውሰው። እኔ የቀዳሁትን እየሰማሁ በቃለ ጉባኤ መልክ ለመጻፍ ሞክሬ ነበር፣ ወፍ የለም!

ለዚህ ነው ትምህርቱ ብዙ ዓመት የሚፈጀው። የድጓ ተማሪ በጥንቱ ሥርዓት መጽሐፉን ራሱ በእጁ ይጽፋል። ለየትምህርቱ የታወቀ ማስመስከሪያም አለ፤ ለድጓ በጋይንት ያለችው ቤተልሔም፣ ለዝማሬ መዋሥእት ዙር አምባ፣ ለቅዳሴ በትግራይ ያለው ደብረ ዓባይ ይጠቀሳሉ። አንድ የቆሎ ተማሪ ደበሎ ለብሶ፣ ቁራሽ ለምኖ፣ አገር አቋርጦ የሚሄደው «እንዲህ ይባላል» የሚለውን ከትክክለኛው ምንጭ ለመስማት ነው። እኛ በክፍል ውስጥ «ምንጭን ማረጋገጥ» የምንለውን እነሱ በእግራቸው ይሄዱበታል።

4. ዜማ ሰነድ ነው

አንዳንድ ጓደኞቼ «ታዲያ ይህ የሃይማኖት ጉዳይ እንጂ የጋዜጠኝነት ጉዳይ ነው?» ይሉኛል። መልሴ ነው የሚል ነው፤ ምክንያቱም ዜማ ሰነድ ነው።

አሜሪካዊቷ የሙዚቃ ተመራማሪ ኬይ ካውፍማን ሼለሜይ እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጥታ የቤተ እስራኤልን ጸሎት ቀዳች። ጸሎታቸው በብዛት በግዕዝ ነበር። ከክርስቲያኑ ዜማና ሥርዓት ጋር ስታነጻጽረው ሁለቱ በገዳማውያን በኩል የጠበቀ የታሪክ ትስስር እንዳላቸው አየች፤ ይህንንም እ.ኤ.አ. በ1986 በመጽሐፍ አወጣችው። መጽሐፉ ክርክር አስነስቷል። ለእኛ የሚጠቅመን ግን ሌላ ነው። እ.ኤ.አ. በ1984–85 እና በ1991 አብዛኞቹ ቤተ እስራኤላውያን ወደ እስራኤል ተጓጓዙ። በየመንደሩ ይሰማ የነበረው ያ ጸሎት በቦታው የለም። ሳያቋርጥ የቀዳ ሰው ባይኖር ኖሮ ምን ይተርፍ ነበር? እሷው ከፒተር ጄፍሪ ጋር ሆና የኢትዮጵያን የክርስቲያን ዜማ በሦስት ቅጽ እ.ኤ.አ. ከ1993 እስከ 1997 አሳትማለች።

ነገሩ የአንድ ሃይማኖት ብቻም አይደለም። በእኛው በምዕራብ ሸዋ ኢሬቻ ሲከበር ሰው እርጥብ ሣርና አበባ ይዞ ወደ መልካ ይወርዳል። አባ መልካው ወይም ሽማግሌው ይመርቃል፣ ሕዝቡ ይቀበላል። እዚያም መሪና ተቀባይ አለ፣ እዚያም መጀመሪያና መጨረሻ አለ፣ እዚያም መካከል ላይ መቁረጥ ነውር ነው። ዩኔስኮ የገዳን ሥርዓት እ.ኤ.አ. በ2016፣ የጥምቀትን በዓል በ2019 በማይዳሰሱ ቅርሶች መዝገብ ውስጥ አስገብቷል። የማይዳሰስ የተባለው ሰው ካልደገመው ስለማይኖር ነው። ከአምቦ አጠገብ ቦዳ የተወለደው ሎሬት ጸጋዬ ገብረ መድኅን ኦሮምኛውንም አማርኛውንም እየሰማ ነው ያደገው። እኛም የተቀመጥነው በዚያው መሬት ላይ ነው፣ ጆሮ ካለን።

5. የፈጠራው ዜማና የእውነቱ ዜማ ልዩነት

እንግዲህ ወደ ፊልሙ ልመለስ። የፊልሙን ዜማ አልንቅም። ዛሬም ስሰማው ደስ ይለኛል። ደራሲው ቋንቋ ሲፈጥር ብዙ ዓመት ደክሟል። ነገር ግን አንድ ትልቅ ልዩነት አለ። የፊልሙ ዜማ የሚዘመረው ለእኔ ለተመልካቹ ነው። ከተራራው ሥር የሚያዜም ሕዝብ የለም። ድምፁ ቢቆረጥ ከጸሎቱ የሚጎድልበት ማንም የለም። ስለዚህ እንደ ድባብ ብንጠቀምበት ቅር የሚለው አይገኝም።

ማሕሌት ግን የሚቆመው ለእኔ አይደለም። እኔ ሞባይሌን ይዤ ባልሄድም ያን ሌሊት ይቆም ነበር። እኔ የሠራሁት ስህተት የአያቴን ጸሎት የፊልም ማጀቢያ ማድረግ ነው። ድምፁን ወሰድኩ፣ ሰዎቹን ተውኩ። ቃሉ ምን እንደሚል አልጠየቅኩም፣ እነማን እንደሆኑ አልጠየቅኩም፣ የት እንደሚያልቅ አልጠየቅኩም። ያልነበረ ዓለም ሰዎች አድርጌ አቀረብኳቸው፤ እነሱ ግን ሰኞ ጠዋት ገበያ የማገኛቸው ሰዎች ናቸው።

6. ለዘጋቢ የሚሆኑ ነጥቦች

ከዚህ የተማርኩትን በአጭሩ ላስቀምጥ፦

1ኛ. አስቀድማችሁ ፈቃድ ጠይቁ። የኔታ ማሕሌቱን እንድቀዳ ፈቅደውልኛል፤ ቅዳሴው ሲገባ ግን ሞባይሌን እንዳጠፋ ነግረውኛል። ወሰኑን ባለቤቱ እንጂ ዘጋቢው አያበጅም።

2ኛ. ለሰውም ለዕቃም ለድርጊትም የራሱን ስም ስጡት። «ጭፈራ»፣ «ሙዚቃ»፣ «ዱላ» አትበሉ። ወረብ፣ ዜማ፣ መቋሚያ በሉ። ካላወቃችሁ ጠይቁ።

3ኛ. ከመቁረጣችሁ በፊት ሥርዓቱን እወቁ። አራት ደቂቃ ካላችሁ ሁሉንም ማስገባት አትችሉም፣ ይገባኛል። ግን ከቁሙ ትንሽ፣ ከዝማሜው ትንሽ፣ ከመረግዱ ትንሽ፣ ከጽፋቱ መጨረሻ ትንሽ ማሰማት ይቻላል። ያኔ አድማጩ መንገዱን ያውቀዋል።

4ኛ. በቃሉ ላይ አትናገሩ። የምታነቡት ነገር ካለ ዜማው አንድ ቤት ሲጨርስ አንብቡ።

5ኛ. ያልተቆረጠውን ቅጂ አስቀምጡ። ለአገልጋዮቹም አንድ ግልባጭ ስጧቸው።

6ኛ. ሥራችሁን መጀመሪያ ለባለቤቶቹ አሰሙ። ክፍል ውስጥ የሚጨበጨብላችሁ የማያውቅ አድማጭ ስለሆነ ሊሆን ይችላል።

ማጠቃለያ

ጥር 21 ቀን፣ በአስተርእዮ ማርያም፣ እንደገና ሄድኩ። በዚህ ጊዜ ከሌሊቱ መጀመሪያ እስከ ንጋት ቆየሁ። እግሬ በብርድ ደንዝዞ ነበር። ከደብተራዎቹ አንዱ መቋሚያ ሰጥቶኝ ተደግፌ አደርኩ። መቋሚያ ለምን እንደሚያስፈልግ ከምሳሌው በፊት በጉልበቴ ተማርኩት። ፊቸሩንም እንደ አዲስ ሠራሁት። ማርኩ አይስተካከልም፣ ሴሚስተሩ አልፏልና። ለማርክ ብዬም አልሠራሁት።

ጉደር ወርጄ ለአኮ አሰማኋት። ቁሙ አለፈ፣ ዝማሜው አለፈ፣ ከበሮው ገባ። እጇ ጉልበቷ ላይ ቀስ እያለ መምታት ጀመረ። ጽፋቱ ላይ በለሆሳስ አብራ አጨበጨበች። ሲያልቅ ዝም አለች። ከዚያ ሞባይሌን መለሰችልኝና «አሁን ተቀመጡ» አለችኝ።

አንድ ነገር ብቻ ጨመረች። «ቃሉ ግን ምን ይላል?» ብላ ጠየቀችኝ። ስንት ዘመን ስትሰማው የኖረችውን ማለት ነው። ከየኔታ ያገኘሁትን ትርጉም በኦሮምኛ እየተንተባተብኩ ነገርኳት። አንዳንዱን እሷ አረመችልኝ፤ ግዕዙን ሳይሆን ኦሮምኛዬን። የሚቀጥለው ፊቸሬ ምን ላይ እንደሚሆን ያኔ አወቅኩ።